ሲድዌል ፍሬንድስ እንደተባለው ነበር? ለአንድ ጽሑፍ የተሰጠ ምላሽ

በዋሽንግተን ዲሲ፣ በሜሪላንድና በቨርጂኒያ በምንኖር ወላጆች መካከል ስለ ሲድዌል ፍሬንድስ ትምህርት ቤት ታሪክ የሚያወራ አንድ ጽሑፍ ሰሞኑን ከእጅ ወደ እጅ እየዞረ ነው። ስማቸውን ያልገለጹት ጸሐፊ የሚሉት ባጭሩ እንዲህ ነው፦ ትምህርት ቤቱ በ1883 ለፕሬዚዳንቶችና ለሴናተሮች ልጆች ተብሎ ተቋቋመ፤ ከዚያ ወዲህ ከዊስኮንሲን ጎዳና ንቅንቅ አላለም፤ መሥራቾቹ ባርነትን የታገሉ ኩዌከሮች (ራሳቸውን «ፍሬንድስ» የሚሉ የክርስትና ወገን) ስለነበሩ በሩ ከመጀመሪያው ቀን ጀምሮ ለጥቁር ልጆች ክፍት ነበር፤ ያኔ የመንግሥት ትምህርት ቤት ለጥቁር ልጅ የሚረባ ነገር አልነበረውም፤ የፕሬዚዳንት ልጅ ሌላ ቦታ ተምሮ አያውቅም፤ ትምህርት ቤቱ ከመንግሥት ሳንቲም አልወሰደም፤ የሃይማኖት ቤት ስለሆነ ልጆቻችንን በሥነ ምግባር ያንጽልናል፤ ከዚያ የወጣ ሁሉ ሃርቫርድ ይገባል። መደምደሚያቸው ደግሞ ሀበሻ ወላጅ ቤቱን አስይዞም ቢሆን ልጁን እዚያ ያስገባ የሚል ነው።

እኔ ከትምህርት ቤቱ ጋር ጠብ የለኝም። ጥሩ ትምህርት ቤት ነው፤ ማንም አይክደውም። ጠቤ ተቀባብቶ ከቀረበልን ታሪክ ጋር ነው። ወላጅ በታሪክ ተማርኮ ኪሱን የሚከፍት ከሆነ፣ የሚነገረው ታሪክ ቢያንስ የሆነው ነገር መሆን አለበት። ጸሐፊው ያሏቸውን በየተራ አነሳለሁ። አንዳንዱ ብዙ ያስወራል፣ አንዳንዱ በጥቂት መስመር ያልቃል። ቀኖቹና ዓመቶቹ ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

«ለፕሬዚዳንቶችና ለሴናተሮች ልጆች የተቋቋመ»

በ1883 ትምህርት ቤቱን የከፈተው ቶማስ ዋትሰን ሲድዌል የሚባል ወጣት የኩዌከር መምህር ነው። ቦታው መሃል ከተማ፣ አይ ጎዳና ላይ ከነበረው የኩዌከሮች የጸሎት ቤት አጠገብ ነበር። ሲጀምር የነበሩት ተማሪዎች 11 ናቸው። ስሙም ሲድዌል ፍሬንድስ አልነበረም፤ ፍሬንድስ ሴሌክት ስኩል ይባል ነበር። የመሥራቹ ስም የታከለበት ከ50 ዓመት በኋላ በ1930ዎቹ ነው። ጸሐፊው አንድ ቦታ ላይ «አዳሪ ትምህርት ቤት» ማለታቸውንም እግረ መንገዴን ላርም፤ ተመላላሽ ነው፣ ልጆቹ ማታ ቤታቸው ይገባሉ።

በዚያ ዘመን እንዲህ ያለ ትምህርት ቤት ለምን አስፈለገ ቢባል፣ መልሱ ከቤተ መንግሥት ጋር አይገናኝም። ያኔ እያንዳንዱ ታዋቂ ኮሌጅ የራሱን የመግቢያ ፈተና ራሱ ያወጣ ነበር። ላቲን የግድ ነበር፤ ብዙዎቹ ግሪክኛም ይጠይቁ ነበር። አንዱ ኮሌጅ የሚፈልገውን ሌላው አይፈልገውም። ኮሌጆቹ ተስማምተው የጋራ የፈተና ቦርድ ያቋቋሙት በ1900 ነው፣ የመጀመሪያው የጋራ ፈተናም በ1901 ተሰጠ። ከዚያ በፊት ልጁን ኮሌጅ ለማስገባት የሚያስብ ወላጅ የእያንዳንዱን ኮሌጅ ጠባይ የሚያውቅ መምህር መፈለግ ነበረበት። «ለኮሌጅ አዘጋጅ» የሚባለው የትምህርት ቤት ዓይነት የበቀለው ከዚህ ችግር ነው። የሲድዌል ለየት የሚለው፣ ስመ ጥር የግል ትምህርት ቤቶች ወንድና ሴት ለይተው በሚያስተምሩበት ጊዜ እሱ ሁለቱንም አንድ ላይ ማስቀመጡ ነው። ይህን ደግሞ ጸሐፊው ጭራሽ አላነሱትም፤ መመስገን ካለበት ግን በዚህ ነበር።

«ከዊስኮንሲን ጎዳና ንቅንቅ አላለም»

የዊስኮንሲኑ መሬት የተገዛው በ1911፣ መጀመሪያ ለስፖርት ሜዳ ተብሎ ነው። ያኔ ከከተማ ወጣ ያለ ሰፈር ነበር። ክፍሎቹ ከ1920ዎቹ ጀምሮ ቀስ በቀስ ወደዚያ ተዛወሩ፤ የአይ ጎዳናው ቤት ጨርሶ የተዘጋው በ1930ዎቹ መጨረሻ ነው። ዛሬ በቅጥሩ ውስጥ ያለው ትልቁ የድንጋይ ቤትም ከትምህርት ቤቱ በፊት የነበረ ነው። በ19ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ ኖርስ የሚባል ቤተሰብ ያሠራው ሲሆን፣ በኋላ የፕሬዚዳንት ዊልሰን ሐኪም የነበረው አድሚራል ግሬይሰን ኖሮበታል፤ ትምህርት ቤቱ እጅ የገባው በ1950ዎቹ ነው። ትንንሾቹ ልጆች ደግሞ ከ1960ዎቹ ጀምሮ ለረጅም ዘመን የተማሩት ዲሲ ሳይሆን ሜሪላንድ፣ ቤተስዳ ውስጥ ነው። ታክሲ እነዳ በነበረበት ዘመን በዚያ በር ያላለፍኩበት ሳምንት አልነበረም። ከአጥሩ ውጭ ሆኖ ለሚያይ ሰው ሁሉም ነገር ከፍጥረት ጀምሮ እዚያው የነበረ ይመስላል፣ ጸሐፊውም የተሳሳቱት በዚህ ይመስለኛል። በነገራችን ላይ በ2006 የተሠራው የመለስተኛ ክፍሎቹ ሕንፃ ግቢ ውስጥ ረግረግ የሚመስል የሣር መደብ አለ። ጌጥ አይደለም፤ የሕንፃው ፍሳሽ በዚያ ሣርና አፈር ውስጥ ተጣርቶ ተመልሶ ለመጸዳጃ ቤት ይውላል። በአገሪቱ ካሉ ትምህርት ቤቶች መጀመሪያ የፕላቲኒየም ደረጃ ያገኘ የአካባቢ ጥበቃ ሕንፃ ነው። ትምህርት ቤቱ የሚኮራበት ነገር ቢፈለግ፣ ያልሆነውን ከመፍጠር ይህን መጻፍ ይሻል ነበር።

«በሩ ለጥቁር ልጆች ከመጀመሪያው ቀን ክፍት ነበር»

ይህንን ሳነብ ነው ብዕር ያነሳሁት።

ኩዌከሮች ባርነትን መቃወማቸው እውነት ነው። በ1688 ፔንሲልቬኒያ፣ ጀርመንታውን ውስጥ የነበሩ ጥቂት ኩዌከሮች በጽሑፍ ያቀረቡት ተቃውሞ በቅኝ ግዛቶቹ ከተጻፉት የመጀመሪያው ነው ይባላል። በ1776 የፊላደልፊያው ጉባኤያቸው ባሪያ ይዞ አባል መሆን አይቻልም ብሎ ወሰነ። አንቶኒ ቤኔዜት የሚባል የኩዌከር መምህር ከ1750 ጀምሮ ጥቁር ልጆችን ማታ ማታ ቤቱ ሰብስቦ ያስተምር ነበር፤ በ1770 ደግሞ ለእነሱ የሚሆን ትምህርት ቤት አስከፈተ። እዚህ ዋሽንግተን ውስጥም በ1851 መርቲላ ማይነር ለጥቁር ሴት ልጆች ትምህርት ቤት ስትከፍት ኩዌከሮች ገንዘብ አዋጥተውላታል። ባርነት ገና ባልተሻረባት ከተማ ይህ ቀላል ነገር አልነበረም።

ግን ልብ በሉ። የቤኔዜት ትምህርት ቤት ለብቻው ነበር፤ የማይነርም ለብቻው። ኩዌከሩ ለጥቁር ልጅ ትምህርት ቤት ይሠራል፣ ገንዘብ ይሰጣል፣ ያስተምራል። የራሱ ልጅ በሚማርበት ክፍል አብሮ ማስቀመጥ ሲመጣ ግን ብዙዎቹ እጃቸውን ሰበሰቡ። ጸሐፊው ይህን ልዩነት ዘለሉት፤ ሲዘሉት ደግሞ 73 ዓመት አብረው ዘለሉ። ሲድዌል ከ1883 እስከ 1956 ድረስ የነጮች ትምህርት ቤት ነበር።

«ዘመኑ ነው፣ ሕጉ ነው» የሚል መልስ እንደሚመጣ አውቃለሁ። በዲሲ ልጆችን በቀለም የለየው የሕዝብ ትምህርት ቤቶች ሥርዓት ነው። የግል ትምህርት ቤት ግን ከፈለገ ማንንም መቀበል ይችል ነበር። ማስረጃው ሩቅ አይደለም፤ እዚያው ከተማ ውስጥ በ1945 የተቋቋመው ጆርጅታውን ዴይ ስኩል ገና ሲከፈት ጥቁርና ነጭ ልጆችን አንድ ላይ አስቀመጠ። እሱም የግል ነው፣ እሱም ተመላላሽ ነው፣ እሱም ለኮሌጅ ያዘጋጃል። የኩዌከር ታሪክ ግን የለውም። ጥቂት ወላጆች ተሰብስበው፣ ይህ መለየት ለልጆቻችን አይበጅም ብለው የጀመሩት ነው። ስለዚህ ነገሩ የሕግ ሳይሆን የፈቃድ ጉዳይ ነበር።

የሚገርመው ደግሞ የመንግሥት ትምህርት ቤቶቹ ሲድዌልን መቅደማቸው ነው። በ1950 ሱሳ የሚባለው አዲስ የነጮች መለስተኛ ትምህርት ቤት 11 ጥቁር ልጆችን ከበሩ መለሰ። ወላጆቹ ከሰሱ። ጉዳዩ በስመ ቦሊንግ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ደረሰና ግንቦት 17 ቀን 1954፣ በአገሪቱ የሕዝብ ትምህርት ቤቶች ልጆችን በቀለም መለየትን ከሻረው ከታዋቂው የብራውን ውሳኔ ጋር በአንድ ቀን፣ ለልጆቹ ተፈረደ። በዚያው ዓመት መስከረም የዋሽንግተን የሕዝብ ትምህርት ቤቶች ልጆችን በቀለም መለየት ትተው ተከፈቱ። የሲድዌል ቦርድ ጥቁር ልጆች ይግቡ ብሎ የወሰነው ከሁለት ዓመት በኋላ በ1956 ነው።

ውሳኔውም ቢሆን በአንድ ጊዜ በሩን ወለል አላደረገም። ዕቅዱ ከመዋዕለ ሕፃናት ተነሥቶ በየዓመቱ አንድ ክፍል እየጨመረ እንዲሄድ ነበር። ይህ ምን ማለት እንደሆነ በአንድ ቤት ውስጥ እንየው። በዚያ ዓመት አንድ ጥቁር ቤተሰብ የአምስት ዓመትና የስምንት ዓመት ልጆች ቢኖሩት፣ ታናሹ በዕቅዱ መሠረት ማመልከት ይችላል። ታላቁ ግን አይችልም። በሚቀጥለው ዓመትም አይችልም፣ ምክንያቱም የተከፈተው ክፍል ወደ ላይ ሲወጣ እሱም አብሮ ያድጋል፤ ሁልጊዜ ከበሩ ሦስት ክፍል ያህል ቀድሞ ይሄዳል። ጥቁር ተማሪ ከትምህርት ቤቱ መመረቅ የጀመረው በ1960ዎቹ ሁለተኛ አጋማሽ መሆኑም ለዚህ ነው።

ይህን ስል ውሳኔው ዋጋ አልነበረውም እያልኩ አይደለም። ዋጋ እንደነበረው ያሳየን ራሱ የሚሲሲፒው ሴናተር ጄምስ ኢስትላንድ ነው። የፍርድ ቤቱን ውሳኔ በመቃወም የደቡብን ጎራ ከመሩት አንዱ ነበር፣ በዚያው ዓመትም የሴኔቱ የፍትሕ ኮሚቴ ሰብሳቢ ሆኗል። ልጁ ሲድዌል ይማር ነበር። ቦርዱ ሲወስን ልጁን አስወጣ። ጸሐፊው «የሴናተሮች ትምህርት ቤት» ሲሉ የትኛውን ሴናተር አስበው እንደሆነ አላውቅም፤ ይህኛው ግን በታሪኩ ውስጥ መኖር ነበረበት።

ሌላም ነገር አለ። እኛ ስደተኞች ነን፤ እዚህ አገር የገባነው በሩን ሌሎች ከከፈቱት በኋላ ነው። «ሁልጊዜም ክፍት ነበር» ብለን ስንጽፍ፣ ሱሳ በር ላይ የቆሙትን 11 ልጆችና ወላጆቻቸውን ነው የምንሰርዘው።

«የመንግሥት ትምህርት ቤት ለጥቁር ልጅ የሚረባ ነገር አልነበረውም»

እዚህ ላይ ጸሐፊው የተሳሳቱት ታሪኩን ባለማወቅ ብቻ አይመስለኝም፤ የመንግሥት ትምህርት ቤት ከግል አይበልጥም የሚለው እምነት ስላለብን ነው። አዲስ አበባም ሳለን እንዲሁ ነበርን።

ሲድዌል በ1883 በ11 ተማሪዎች ሲጀምር፣ ዋሽንግተን ውስጥ ጥቁር ልጆችን ለኮሌጅ የሚያዘጋጅ የሕዝብ ትምህርት ቤት 13 ዓመት ሞልቶት ነበር። በ1870 በአንድ የፕሬስቢቴሪያን ቤተ ክርስቲያን ምድር ቤት የተጀመረው ይህ ትምህርት ቤት በአገሪቱ ለጥቁሮች የተከፈተ የመጀመሪያው የሕዝብ ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ነው። በ1891 ኤም ጎዳና ላይ የራሱ ሕንፃ ተሠራለትና ኤም ስትሪት ተባለ፤ በ1916 ወደ አዲስ ሕንፃ ሲዛወር ደግሞ በገጣሚው ፖል ሎረንስ ደንባር ስም ተሰየመ። ክፍያ የለውም። ተማሪዎቹ ላቲን ይማራሉ፣ ከዚያ ወደ አምኸርስት፣ ወደ ኦበርሊን፣ ወደ ሃርቫርድ ይሄዳሉ።

ከርዕሰ መምህራኑ አንዷ አና ጁሊያ ኩፐር ናት። በ1858 ሰሜን ካሮላይና ውስጥ በባርነት ተወለደች። ከ1902 እስከ 1906 ኤም ስትሪትን ስትመራ፣ ጥቁር ልጅ የእጅ ሙያ ቢማር ይበቃዋል የሚል ግፊት ከብዙ አቅጣጫ ይመጣ ነበር። አልተቀበለችም፤ የኮሌጅ ዝግጅቱን አጠበቀች፣ ተማሪዎቿንም ወደ ታላላቆቹ ኮሌጆች ላከች። የከተማው የትምህርት ቦርድ በ1906 ከቦታዋ አነሳት። ከጥቂት ዓመት በኋላ ተመልሳ እዚያው ላቲን አስተማረች፣ በ1925 ደግሞ ዕድሜዋ 60 ካለፈ በኋላ ከፓሪስ ዩኒቨርሲቲ ዶክትሬት አገኘች። ለብዙ ዓመት ሲታተም የቆየው የአሜሪካ ፓስፖርት ያላችሁ ገጾቹን ገለጥ ገለጥ አድርጉ፤ ከላይ ከታተሙት ጥቅሶች አንዱ የእሷ ነው። ስንቶቻችን ኤርፖርት ስንሰለፍ በእጃችን ይዘናት ቆመናል።

መምህራኑ ለምን ያን ያህል የበቁ ሆኑ? አንዱ ምክንያት የሚያሳዝን ነው፤ ዶክትሬት ያለው ጥቁር ምሁር ዩኒቨርሲቲ የሚቀጥረው አልነበረም። ሌላው ምክንያት ደመወዝ ነው፤ በዲሲ ጥቁር መምህር ከነጩ ጋር ተመጣጣኝ ደመወዝ ያገኝ ስለነበር ምሁራኑ እዚያ ይሰበሰቡ ነበር። የታሪክ ሊቁ ካርተር ዉድሰን እዚያ አስተምሯል።

ከተማሪዎቹ መካከል ቻርለስ ድሩ አለ፤ የደም ፕላዝማን በብዛት አከማችቶ የማቆየትን ሥራ መልክ ያስያዘው ሐኪም። ዊልያም ሄስቲ አለ፤ የመጀመሪያው ጥቁር የፌዴራል ዳኛ። ሮበርት ዊቨር አለ፤ የመጀመሪያው ጥቁር የካቢኔ አባል። በ1966 በማሳቹሴትስ ሕዝብ ድምፅ ሴናተር የሆነው ኤድዋርድ ብሩክም ከዚያ ነው የወጣው። ከሁሉም በላይ ግን ቻርለስ ሃሚልተን ሂዩስተንን ማንሳት እፈልጋለሁ። በ1911 ከኤም ስትሪት ወጣ፣ አምኸርስት ገባ፣ ሃርቫርድ ሕግ ተማረ፣ ከዚያ ሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ላይ በኋላ የመጀመሪያው ጥቁር የጠቅላይ ፍርድ ቤት ዳኛ የሆነውን ተርጉድ ማርሻልንና ሌሎችን አሠለጠነ። በኋላ በሱሳ ጉዳይ የከሰሰው የወላጆች ወገን መጀመሪያ የያዘው ጠበቃ እሱ ነው። ታሞ ጉዳዩን ለጄምስ ናብሪት አስረክቦ በ1950 ሞተ። እንግዲህ የዋሽንግተንን የትምህርት ቤት በሮች ያስከፈተውን ትግል ከጀመሩት ሰዎች አንዱ ያንኑ «የማይረባ» የተባለ የመንግሥት ትምህርት ቤት የጨረሰ ነው።

ደንባር ከ1954 በኋላ የሰፈር ትምህርት ቤት ተደረገ፤ ከመላ ከተማዋ ልጆች የሚሰበሰቡበት ጊዜ አበቃ፣ ዝናውም አብሮ ወረደ። ይህን አልደብቅም። ግን ጸሐፊው ያወሩት ስለ ድሮው ነው፣ በድሮው ደግሞ ለጥቁር ልጅ ከሲድዌል የሚሻለው ቦታ ደንባር ነበር፤ ለነገሩ ሲድዌል ጭራሽ አይቀበለውም።

«የፕሬዚዳንት ልጅ ሌላ ቦታ ተምሮ አያውቅም»

የጂሚ ካርተር ልጅ ኤሚ በ1977 የገባችው ስቲቨንስ የሚባል የሕዝብ አንደኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ነው፤ በ1868 ለጥቁር ልጆች የተሠራ ነው። የኬኔዲ ልጅ ካሮላይን ኋይት ሐውስ ውስጥ በተከፈተ ትንሽ ክፍል ተማረች። የትራምፕ ልጅ ባረን ሜሪላንድ፣ ፖቶማክ የሚገኝ የኤጲስቆጶሳውያን ትምህርት ቤት ገባ። ከቴዎዶር ሩዝቬልት ልጆች አርቺ የሲድዌልን ትምህርት ቤት ተምሯል፤ ከዚያ በፊት ግን እሱም ታናሹ ኩዌንቲንም ፎርስ የሚባል የሕዝብ ትምህርት ቤት ነበሩ። የኒክሰን ሴት ልጆች ሲድዌል የተማሩት አባታቸው ገና ምክትል ፕሬዚዳንት ሳለ ነው፤ ኒክሰን ደግሞ ራሱ በኩዌከር ቤት ያደገ ሰው ነው።

ትምህርት ቤቱ በኛ ዘንድ «የፕሬዚዳንቶች» የተባለው በዋናነት በ1993 ቼልሲ ክሊንተን፣ በ2009 ደግሞ ማሊያና ሳሻ ኦባማ ስለገቡበት ነው። ሁለቱም አባቶች ስለ ሕዝብ ትምህርት ቤት እያወሩ ልጆቻቸውን ወደ ግል ላኩ ተብለው ተወቅሰዋል። የጥበቃና የልጆቹ ገመና ጉዳይ ያን ጊዜ በሰፊው ተነስቷል፤ አጥር ያለው ግቢ፣ ጋዜጠኛ የማይገባበት። የእኔና የእናንተ ልጅ ይህ ችግር የለበትም።

«ከመንግሥት ሳንቲም አልወሰደም»

በ2020 ወረርሽኙ ሲመጣ የፌዴራሉ መንግሥት ለደመወዝ መክፈያ በሰጠው ብድር 5 ሚሊዮን ዶላር ያለፈ ገንዘብ ወስዷል፤ ብዙ ሰው ሲወቅሰውም አልመልስም ብሏል። በ2004 በጸደቀው የዲሲ ቫውቸር ሕግም መንግሥት ለአነስተኛ ገቢ ቤተሰብ ልጆች እስከ 7,500 ዶላር ለግል ትምህርት ቤት ይከፍል ነበር፤ ሲድዌልም እንዲህ ያሉ ተማሪዎች ነበሩት። ይህኛው እንኳ የሚያስመሰግነው ነው። «አልወሰደም» ማለት ግን ትክክል አይደለም።

«የሃይማኖት ቤት ስለሆነ ልጆቻችንን ያንጽልናል»

ጸሐፊው የኩዌከር ጸሎት አይተው የሚያውቁ አይመስለኝም። እኔ ፍሎሪዳ ጎዳና ላይ ባለው የኩዌከሮች ቤት አንድ እሑድ ተቀምጬ አውቃለሁ፤ ቤቱ በ1930 የተሠራ ነው፣ ኩዌከር የነበረው ፕሬዚዳንት ሁቨር ይሄድበት ነበር። መስቀል የለም፣ ሥዕል የለም፣ መቅደስ የለም፣ ቄስም የለም። ሰው ይገባል፣ አግዳሚ ወንበር ላይ ይቀመጣል፣ ዝም ይላል። ሰዓቱ ይሄዳል። አንዲት ሴትዮ ተነስታ ስለታመመ ጎረቤቷ ሁለት ሦስት ቃል ተናገረች፣ ተቀመጠች። ማንም አልመለሰላትም፤ ዝምታው ቀጠለ። መጨረሻ ላይ ሁሉም ከጎኑ ያለውን ሰው ጨበጠ፣ አለቀ። ቆሞ ማስቀደስ ለለመደ ሰው ግራ ያጋባል፣ ግን ያሳርፋልም።

ሲድዌልም ተማሪዎቹን በየሳምንቱ እንዲህ ያስቀምጣል። እምነታቸው በሰው ሁሉ ውስጥ የእግዚአብሔር ብርሃን አለ የሚል ነው፤ የትምህርት ቤቱ የላቲን መሪ ቃልም ስለ ብርሃን ነው። ከተማሪዎቹ አብዛኞቹ ኩዌከር አይደሉም፤ ማንንም ለማጥመቅ አይሞከርም፤ ልጆቻችንን ጾምና ቅዳሴ ያስተምርልናል ብሎ መጠበቅም ከንቱ ነው። ለምግባር ነው ከተባለ እሺ። ግን ኩዌከሮች ከሚሰብኳቸው ነገሮች አንዱ ቀላል ኑሮ ነው፣ የትምህርት ቤቱ ዓመታዊ ክፍያ ደግሞ ከ50 ሺህ ዶላር በላይ ነው። በዚህ ላይ ኩዌከሮቹ ራሳቸው ይከራከሩበታል፤ እኛ ብንተወው ይሻላል።

«ከዚያ የወጣ ሁሉ ሃርቫርድ ይገባል»

ሁሉም አይገባም። የሚገቡትም ቢሆን በትምህርት ቤቱ ብቻ አይደለም፤ ሲቀበላቸው ነው በፈተናና በቃለ መጠይቅ መርጦ የተቀበላቸው፣ ወላጆቻቸውም አብዛኞቹ ራሳቸው እንዲህ ያሉ ዩኒቨርሲቲዎች የወጡ ናቸው። የተመረጠ እህል ዘርቶ ማሳው ለም ነው እንደማለት ነው። ከዚህ ይልቅ ጸሐፊው ያላነሱት አንድ ነገር አለ። በ2019 ጋዜጦች እንደዘገቡት፣ አንዳንድ ወላጆች የሌሎች ሰዎችን ልጆች የሚያጥላላ ወሬ ለኮሌጅ አማካሪዎች ያቀርቡ ስለነበር፣ ትምህርት ቤቱ ስም ሳይገለጽ የሚመጣ እንዲህ ያለ ነገር እንደማይቀበል በደብዳቤ ለማሳወቅ ተገድዷል። በዚያው ሰሞን አማካሪዎች ሥራ ለቀቁ። ልጅን ወደዚህ ዓይነት ሽሚያ የሚያስገባ ወላጅ ቢያንስ ማወቅ አለበት።

«ቤት አስይዞም ቢሆን»

ሲድዌል ለተወሰኑ ተማሪዎች የገንዘብ እርዳታ ይሰጣል። እርዳታ አግኝቶ ልጁን የሚያስገባ ካለ እሰየው፣ እኔም ደስ ይለኛል። የምቃወመው ብድሩን ነው። በዓመት ከ50 ሺህ ዶላር በላይ፣ ለአራት የሁለተኛ ደረጃ ዓመታት፣ ከ200 ሺህ ያልፋል፤ ኮሌጁ ገና አልተጀመረም።

ሲልቨር ስፕሪንግ ውስጥ ሞንትጎመሪ ብሌር የሚባለው የሕዝብ ትምህርት ቤት ከ1985 ጀምሮ የሒሳብና የሳይንስ ማግኔት ፕሮግራም (ተማሪ መርጦ የሚያስተምር ልዩ ክፍል) አለው፤ ብዙዎቻችን ከምንገዛበት የሀበሻ ሱቅ በመኪና የደቂቃዎች መንገድ ነው። ፌርፋክስ ያላችሁ በዚያው ዓመት የተከፈተውን ቶማስ ጀፈርሰንን ታውቁታላችሁ። ዲሲ ያላችሁ ከ1981 ጀምሮ ባኔከር፣ ከ1971 ጀምሮ ስኩል ዊዛውት ዎልስ አሉላችሁ። ሁሉም ልጅ መርጠው ያስገባሉ፣ ሁሉም ለኮሌጅ ያዘጋጃሉ፣ ክፍያ የላቸውም። ለመግባት ማመልከቻውን በጊዜ መሙላት ያስፈልጋል፤ ብዙ ወላጅ የሚያመልጠው እዚህ ላይ ነው፣ በተለይ የማግኔቱ ቀን ብዙውን ጊዜ ከሚያስበው ወራት ቀድሞ ያልፋል። ጸሐፊው ያን ሁሉ ገጽ ሲጽፉ ለዚህ አንድ መስመር አላተረፉም።

ጽሑፉ ታርሞ እንደገና የሚሰራጭ ከሆነ ሌላውን ቢተዉት እንኳ የ1956ቱ ውሳኔ ይግባበት፤ ከእሱ ጋር ደግሞ ልጁን ያስወጣው ሴናተር ስም።